ከመሸንቲ የመጣው ግዝት

ማክሰኞ የካቲት 4 ቀን 2017 ዓ.ም.፣ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ከሃያ ላይ፣ በኮምፒውተሬ ስክሪን ታች በቀኝ በኩል ያለችው የጥበቃ ፕሮግራሙ ምልክት፣ ትንሿ ጋሻ፣ ከአረንጓዴ ወደ ቀይ ተለወጠች። ሰዓቱን በትክክል የማውቀው ወዲያው በወረቀት ስለ ጻፍሁት ነው። ይትባረክ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ «ነገር ሲበላሽ መጀመሪያ ሰዓቱን ጻፊ፤ መጨነቁ ይደርሳል» ይለኝ ነበር።

ይትባረክ ባለቤቴ ነው። ባለፈው ሐምሌ በጉበት ሕመም ዐረፈ። ባሕር ዳር ባለው የሐይቅ ዙሪያ ቡናና ዓሣ አምራቾች ዩኒየን፣ እሱ የኮምፒውተር ባለሙያ፣ እኔ ጸሐፊ ሆነን ዘጠኝ ዓመት በአንድ ኮሪደር ሠርተናል። ከሐዘን ወጥቼ ወደ ሥራ በተመለስሁ ቀን ሥራ አስኪያጁ የይትባረክን ቁልፎች ጠረጴዛዬ ላይ አስቀምጠው «ሰው እስኪቀጠር አንቺ ያዥልን» አሉኝ። ሰው አልተቀጠረም። የዋናው ቢሮ ሠላሳ አንዱም ኮምፒውተር እኔው እጅ ላይ ቀረ። ለዚህ ሥራ የሚሆን የምስክር ወረቀት የለኝም፤ ያለኝ የጽሕፈት ሥራ ነው። የቀረውን ከይትባረክ ጎን ተቀምጬ በማየት፣ እሱ ወደ ቅርንጫፎች ሲወጣ ደግሞ አበላሽቼ በማስተካከል ተማርሁት።

ቀይዋን ጋሻ ስጫናት በእንግሊዝኛ የተጻፈ መልእክት ወጣ። የፖሊሲው ላይብረሪ ፋይል አልተገኘም ይላል።

ይህ ፋይል ምን እንደሆነ ይትባረክ ለአዲስ ሠራተኛ በሚያስረዳበት አኳኋን ልጻፈው። የኮምፒውተር ጥበቃ ፕሮግራም በር ላይ እንደ ቆመ ዘበኛ ነው፤ ዘበኛው ግን ማንበብ አይችልም። ማን ይግባ፣ ማን ይመለስ የሚለው ደንብ ተጽፎ ከጎኑ ተቀምጧል። ደንቡን የሚያነብለት ሌላ ነው፤ ላይብረሪ ፋይሉ ማለት ያ አንባቢ ነው። በስሙ መጨረሻ ዲ ኤል ኤል የሚሉ ሦስት የእንግሊዝኛ ፊደላት አሉት። እሱ ከሌለ ዘበኛው ዱላውን ይዞ ይቆማል እንጂ ማንን እንደሚመልስ አያውቅም።

በዚያ ደንብ ውስጥ ይትባረክ በገዛ ቃሉ የጻፈው አንድ መስመር ነበር። ሰው ያልተመረመረ ፍላሽ ሲሰካ ስክሪኑ ላይ «ይህን ዕቃ ገና አላየሁትም። ሸጊቱን ጠይቁ፤ ክፍል 4» የሚል ይወጣል። ሸጊቱ እኔ ነኝ። ይትባረክ ከሞተ በኋላም በቀን አምስት ስድስት ሰው ፍላሹን ይዞ «ባልሽ ወደ አንቺ ልኮኛል» እያለ ይመጣ ነበር። መጀመሪያ ሰሞን በሩን ዘግቼ አለቅስ ነበር። በኋላ ግን ደስ ይለኝ ጀመር። እንዲያውም ከሰዓት በኋላ ማንም ካልመጣ ቅር ይለኛል።

በዚያ ሳምንት ደግሞ ከአዲስ አበባ፣ ዩኒየኖችን ሁሉ ከሚያስተባብረው ፌዴሬሽን፣ ደብዳቤ ደርሶን ነበር። አርብ ፀደንያ የምትባል ባለሙያ ትመጣለች። ጥበቃው በትክክል የሚሠራበት ዩኒየን የራሱን ባለሙያ ይዞ ይቀጥላል፤ የማይሠራበት ከአዲስ አበባ በቀጥታ ይተዳደራል፤ የሥራ መደቡም ይታጠፋል። ይህ ማለት እኔ ወደ ደብዳቤ መተየቤ እመለሳለሁ፣ ይትባረክ የሠራው ደንብም ከነመስመሩ ይሰረዛል ማለት ነው። ጋሻዋ የቀላችው ለአርብ ሦስት ቀን ሲቀር ነው።

መስመሩ ከመጀመሪያው እንዲያ አልነበረም። በ2014 ዓ.ም. ዩኒየኑን፣ ፋይል እየደበቀ ፎልደሩን ሁሉ ባዶ ሾርትከት የሚያደርግ ቫይረስ አስቸግሮት ነበር። ሰው ከፎቶ ቤት፣ ከሙዚቃ ቤት፣ ከሰርግ ቪዲዮ ቤት ፍላሽ ያመጣና ይሰካል። ይትባረክ ማስጠንቀቂያ ለጠፈ፤ ስብሰባ ጠራ፤ የሰማው የለም። የዘጌ ቄስ ልጅ ነውና አንድ ቀን ተናድዶ ደንቡ ላይ «ያልተመረመረ ፍላሽ መሰካት በካህን ቃል ግዝት ነው» ብሎ ጻፈበት።

በሁለት ቀን ውስጥ ፍላሽ የሚባል ነገር ከዩኒየኑ ጠፋ። ሰው ቃለ ጉባኤውን በወረቀት እያተመ ሌላው ክፍል ወስዶ እንደገና መተየብ ጀመረ። የዓሣ መጋዘን ኃላፊው ጋሽ ሀዲስ ግን ጽሑፉን ያነበበው ከሰካ በኋላ ነበር። ቅዳሜ በጀልባ ዘጌ ተሻግሮ አማቴን ቄስ ወልደ ገብርኤልን ከቤተ ክርስቲያን ደጅ አገኛቸውና እግራቸው ሥር ወደቀ።

«አባ፣ ግዝት አፍርሻለሁ፤ ይፍቱኝ።»

«የምን ግዝት ነው ያፈረስኸው?»

«የፍላሽ።»

ይህን ጋሽ ሀዲስ ራሱ ነው የሚያወራው፤ በየሰርጉ ያወራዋል።

አማቴ ሰኞ በጠዋቷ ጀልባ መጡ። እንደሚቆጡ ጠብቀን ነበር። እሳቸው ግን ኮምፒውተሩ ፊት ተቀምጠው ጽሑፉን ሦስት ጊዜ አነበቡና «ማን ነው የሚፈታው?» ብለው ይትባረክን ጠየቁ።

«አየህ፣ ስታስር ፈቺውን ካልተናገርህ ሰውየው የት ይሂድ? ይኸ ሀዲስ ሐይቅ አቋርጦ የመጣው ሌላ የሚሄድበት አጥቶ ነው። ደግሞ እኔ ያላወጣሁትን ግዝት በካህን ስም አታውጣ።»

ይህን ብለው ሻይ እንኳ ሳይጠጡ ተመለሱ። ይትባረክ በዚያው ቀን ግዝቱን አጥፍቶ በቦታው የእኔን ስም ጻፈ። እሱ ከቅርንጫፍ ቅርንጫፍ ስለሚዞር፣ እኔ ግን ሁልጊዜ ክፍል 4 ስለምገኝ ነው። ፍላሽ እንዴት እንደሚመረመር ያሳየኝም ያን ዕለት ነው። ሥራውን የጀመርሁት እንዲህ ነው።

ወደ ማክሰኞው ልመለስ። የነነዌ ጾም ሁለተኛ ቀን ስለነበር ቢሮው ጸጥ ብሏል። ከክፍል ክፍል ዞሬ ሠላሳ አንዱንም አየሁ። ሁሉም ቀይ ናቸው። ፋይሉ መገኘት ከነበረበት ፎልደር የለም። አዲስ አበባ ደውዬ መጠየቅ እችል ነበር። አልደወልሁም። ብደውል ፀደንያ ገና ሳትመጣ «ሴትየዋ አልቻለችም» ይባላል ብዬ ፈራሁ።

ታዲያ ምን ላድርግ እያልሁ ሳስብ የአማቴ ሥራ ትዝ አለኝ። አማቴ ከቅስናቸው ሌላ የብራና መጻሕፍት ይጠግናሉ። ከአንድ ገድል ቅጠል ሲጎድል ከሌላ ደብር ያንኑ ገድል ተውሰው፣ የጎደለውን ገልብጠው፣ በቦታው ይሰፉታል። ሙሽራ ሆኜ ዘጌ በከረምሁበት ክረምት፣ ዝናብ ከቤት አላስወጣ ሲል፣ ከአጠገባቸው ተቀምጬ ክር አቀብላቸው ነበር። አሁንም የጎደለው አንድ ቅጠል ነው አልሁ። ያው መጽሐፍ ሌላ ደብር የት ይገኛል? መሸንቲ።

የመሸንቲ ቅርንጫፋችን አንድ ኮምፒውተር ብቻ አለው። ኢንተርኔት ገብቶለት አያውቅም። ይትባረክ ይህንኑ ፕሮግራም ራሱ ሄዶ ጭኖለት ነበር። ረቡዕ ጠዋት ከመናኸሪያ ሚኒባስ ይዤ ሄድሁ። የቅርንጫፉ ጸሐፊ ኮምፒውተሩን ከአቧራ ጨርቁ ገልጣ አበራችልኝ። ጋሻዋ አረንጓዴ ናት። እልል ማለት አማረኝ። ላይብረሪ ፋይሉን ብቻ ልወስድ ነበር፤ አንባቢውን ከደንቡ ለይቼ ምን ያደርግልኛል ብዬ፣ ጥበቃውን ለጊዜው አቁሜ፣ ፎልደሩን እንዳለ በፍላሼ ገለበጥሁት። ጸሐፊዋ ጥቁር ልብሴን እያየች «አቶ ይትባረክ አንድ ጊዜ ነው የመጡት፤ ግን ሲስቁ እስካሁን ትዝ ይለኛል» አለችኝ። በመንገዱ ሁሉ ይህን እያሰብሁ ተመለስሁ።

ሐሙስ እስከ ስድስት ሰዓት ሠላሳ አንዱንም ጨረስሁ። ፕሮግራሙ ፋይሎቹን እንዳይነኩበት ራሱን ይቆልፋል፤ የሚከፍተውን የይለፍ ቃል ይትባረክ አሳውቆኝ ነበርና ቁልፉን እያነሣሁ፣ ፎልደሩን እየተካሁ፣ መልሼ እየቆለፍሁ ሄድሁ። ጋሻዎቹ አንድ በአንድ አረንጓዴ ሆኑ። ጾሙም ተፈትቷል። ከጋሽ ሀዲስ ጋር ሐይቁ ዳር ወርደን ጥብስ ዓሣ በላን።

«ይትባረክ ይህን ለመሥራት ሦስት ቀን ይፈጅበት ነበር» አለኝ ጋሽ ሀዲስ እሾህ እየለቀመ።

«አታካብድ። ያስተማረኝ እኮ እሱ ነው።»

«እኔንም አስተምሮኝ ነበር። አሁንም ማብሪያውን እፈልጋለሁ።»

ሳቅሁ። ከሐምሌ ወዲህ ምግብ እንደዚያ ቀን ጣፍጦኝ አያውቅም።

ስምንት ሰዓት ሲሆን ጋሽ ሀዲስ በሬ ላይ ቆመ። ሁለት እጁን እንደ ምርኮኛ ወደ ላይ አንሥቷል።

«ሸጊቱ፣ ተመልሷል።»

«ማን?»

«ግዝቱ።»

«ጋሽ ሀዲስ፣ በዚህ ነገር አትቀልድ።»

«እኔ አልነካሁም። የሒሳብ ክፍሏ ፅጌ ማርያም ናት የሰካችው። ሄደሽ እያት፤ ከወንበሯ ተነሥታ ግድግዳ ተደግፋለች።»

ሮጬ ሄድሁ። እውነቱን ነው። «ያልተመረመረ ፍላሽ መሰካት በካህን ቃል ግዝት ነው» ይላል፤ ያ የ2014ቱ ጽሑፍ፣ ፊደሉ ሳይጎድል። ነገሩ ወዲያው ገባኝ። ይትባረክ መሸንቲ የሄደው በግዝቱ ሳምንት ነው። ባሕር ዳር ሲመለስ የዩኒየኑን ደንብ ለወጠ፤ የመሸንቲው ኮምፒውተር ግን ኢንተርኔት ስለሌለው ለውጡ አልደረሰውም። ሦስት ዓመት ሙሉ የድሮውን ደንብ ይዞ ጨርቁን ለብሶ ተቀምጧል። እኔ ሄጄ ከዚያ ቀሰቀስሁት።

ላስተካክለው ሞከርሁ። ደንብ የሚጻፍበት መሣሪያ በይትባረክ ኮምፒውተር ላይ ነበርና ከፍቼ መስመሩን ለወጥሁ፤ አልቀበልም አለኝ። ከመሸንቲ ያመጣሁት አንባቢ አሮጌ ነው፤ አዲሱ መሣሪያ የሚጽፈውን ማንበብ አይችልም። አምስት ጊዜ ሞክሬ ተውሁት።

ኮሪደር ላይ ሰው ተሰብስቧል። ይህ የድሮ ጽሑፍ ነው፣ ስሕተቱ የኔ ነው ብዬ አስረዳሁ።

«የድሮ ከሆነማ የባሰ ነው» አለች ፅጌ ማርያም። «ያኔ ጻፊው በሕይወት ነበር። ራሱ አነሣው። አሁን ገዝቶን ሞተ ማለት ነው። ማን ያነሣልናል?»

ማንም አልሳቀም። ጋሽ ሀዲስ እንኳ አልሳቀም። ፕሮግራሙን ማበላሸቴ አልነበረም የከበደኝ። ሰባት ወር ሙሉ ሰው ይትባረክን ሲያነሣ ፈገግ ይል ነበር። ያን ቀን ግን ስሙ ሲጠራ አንገታቸውን ደፉ። ይህን ያመጣሁት እኔ ነኝ። ለአማቴ ደወልሁና ነገርኋቸው። «ነገ እመጣለሁ» አሉ።

አርብ ጠዋት ሥራ አስኪያጁ ጠሩኝ። «ችግሩ ከአዲስ አበባ ነው የመጣው በያት። የመሸንቲውን ነገር አታንሺ። አንቺንም እኛንም ይጎዳል» አሉ። ለእኔ አዝነው መሆኑን አውቃለሁ። ወደ ክፍል 4 ተመለስሁ።

ፀደንያ ሦስት ሰዓት ላይ ከአውሮፕላን ማረፊያ በባጃጅ መጣች። ሃያ ስድስት ዓመት ቢሆናት ነው። ቦርሳዋ ከእሷ ይከብዳል። ክፍል 4 ገብታ እጇን ዘረጋችልኝ።

«ወይዘሮ ሸጊቱ እርስዎ ነዎት?»

«አንቺ በይኝ።»

«እሺ። ጋሻዎቻችሁ አረንጓዴ ናቸው፤ ደስ ይላል። ሰኞ ከሰዓት ለፕሮግራሙ የላክነው ዝማኔ፣ አፕዴቱ፣ እናንተን አልነካችሁም ማለት ነው?»

ይኸውልሽ፣ አልሁ ለራሴ፤ «አልነካንም» ካልሁ ሁሉ ነገር አለቀ። ወረቀቷ ላይ ምልክት አድርጋ ትሄዳለች፤ መደቡም ይቀራል። ግን ሠላሳ አንዱ ኮምፒውተር ላይ ያ ቃል ተጽፎ ይቀራል፤ ሰዉም ይትባረክን አንገቱን ደፍቶ ያነሣዋል።

«ነክቶናል» አልኋት። «ማክሰኞ ሦስት ሰዓት ከሃያ ላይ ቀይ ሆኑ። ይህ የምታይው አረንጓዴ ከመሸንቲ የመጣ ነው።»

ከዚያ ሁሉንም ነገርኋት፤ ሰዓቱን የጻፍሁበትን ወረቀትም ሰጠኋት። እየሰማችኝ አንድ ጊዜ አፏን በእጇ ያዘች፤ ስለ ግዝቱ ስነግራት ነው። ተቆጥታ መስሎኝ ነበር።

«ቆይ፣ ሰው በእውነት ፍላሽ መሰካት አቆመ?»

«በሁለት ቀን።»

«እኛ አራት ዓመት ለምነን ያላገኘነውን» አለችና ወንበር ስባ ተቀመጠች። የሆነ ነገር ከፈተች፤ ከፕሮግራሙ ውስጥ እኔ ገብቼበት የማላውቅ ገጽ ነው። «ነይ እዪ። ፋይላችሁ አልጠፋም። ዝማኔው የራሱን ላይብረሪ ፋይል ቫይረስ ነው ብሎ ጠርጥሮ ለይቶ ማቆያ አስገብቶታል። ይኸው እዚህ ተቀምጧል፤ ደንባችሁም ከነጽሑፉ አብሮት አለ። በዘጠኝ ዩኒየን ደርሷል።»

«ዘበኛው አንባቢውን አሰረው በያ» አለ ጋሽ ሀዲስ። መቼ እንደገባ አላየሁትም።

«እንደዛ ነው።»

«ሌሎቹ ስምንቱ ምን አደረጉ?» አልኋት።

«ጥበቃውን አጥፍተው ዝም አሉ። የደወለ የለም፤ ከአዲስ አበባ ሲቋረጥ አይተን ነው ያወቅነው። የነገርሽኝ አንቺ የመጀመሪያዋ ነሽ። የሠራሽው ስሕተት ነው፤ ማወቅ አለብሽ። የሌላ ቨርዥን ፋይል አምጥተሽ ቁልፉን አንሥተሽ መጫን ጥሩ አይደለም። ግን ማሽኖቹን ያለ ጥበቃ አልተውሽም።»

ይህን እየተነጋገርን ሳለ አማቴ ገቡ። በጀልባ ነው የመጡት፤ የነጠላቸው ጫፍ ረጥቧል። ከኋላቸው ግማሹ ዩኒየን ተከትሏቸዋል። ተነሥቼ መስቀላቸውን ተሳለምሁ፤ ፀደንያም ተሳለመች።

«የትኛው ነው?» አሉ። ኮምፒውተሩን አሳየኋቸው። አነበቡት። ዐይናቸው ደክሟል፤ ወደ ስክሪኑ ጠጋ ብለው በጣታቸው እየተከተሉ ነው ያነበቡት።

«ከየት አመጣሽው?»

«ከመሸንቲ፣ አባባ። ቅጠል ጎድሎ እንደርስዎ ልሙላ ብዬ።»

«እኔ መቼ እንዲህ አደረግሁ? ከሌላ መጽሐፍ ስትወስጂ መጀመሪያ ሁለቱን ታናብቢያለሽ። በአንዱ ያለ ቃል በሌላው ይኖራል አይኖርም ብለሽ መስመር በመስመር ታያለሽ። እኔ አንድ ቅጠል ለመስፋት ሳምንት ሳነብ አልነበር? አንቺ ክሩን ነው ያየሽው።»

«እኛም ዩኒየኖቹን የምንላቸው ይህንኑ ነው፣ አባ» አለች ፀደንያ።

«አንቺ ማን ነሽ፣ ልጄ?»

«ከአዲስ አበባ ነው የመጣሁት። ይህን መፍታት እችላለሁ።»

«ትችያለሽ?»

«አዎ። ሥልጣኑ አለኝ።»

ጋሽ ሀዲስ ከበሩ ላይ «አባ፣ በኮምፒውተር ሃይማኖት ጳጳስ ናት» አለ። ያኔ ከሐሙስ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ኮሪደሩ ሳቀ። አማቴም ከንፈራቸው ተንቀሳቀሰ።

ፀደንያ የተያዘውን ፋይል ለቀቀችው። የመሸንቲውን ፎልደር አወጣች፤ ኮምፒውተሬን አጥፍታ አበራች። ከቦርሳዋ አንድ ፍላሽ አውጥታ ሰካች። ስክሪኑ ላይ «ይህን ዕቃ ገና አላየሁትም። ሸጊቱን ጠይቁ፤ ክፍል 4» የሚለው ወጣ።

አማቴ ይህንም በጣታቸው ተከትለው አነበቡ።

«መቼ ነው የጻፈው?»

«ያን ዕለት ነው አባባ። እርስዎ ጀልባ ላይ ሳይደርሱ።»

«አልነገረኝም።»

«ለሰው መናገር አይወድም ነበር።»

«ፈቺውን ጻፈ» አሉ። መነጽር የላቸውም፤ ዐይናቸውን በነጠላቸው ጠረጉ። ከዚያ ወደ ሰዉ ዞሩ። «ስሙኝ፤ እኔ ያሰርሁት የለም፤ ልጄም ካህን አልነበረም፤ የማሰር ሥልጣን አልነበረውም። ያልታሰረ አይፈታም። ልባችሁ እንዲያርፍ ግን እግዚአብሔር ይፍታ።» ሰዉ ሁሉ ጎንበስ አለ። አማቴ መስቀላቸውን ሳያወርዱ የይትባረክን የክርስትና ስም ጨምረው አንድ ጊዜ ደገሙት። ፅጌ ማርያም መጥታ ትከሻዬን ያዘችኝ። የሰባት ወር ሸክም ነበር፤ ቀለለኝ።

ሰዉ ወደየሥራው ሲበተን ፀደንያ በዝግታ አንድ ነገር ነገረችኝ። ይህ ፕሮግራም አርጅቷል፤ በመጋቢት በሁሉም ዩኒየን በአዲስ ይተካል። የድሮ ደንብ ወደ አዲሱ አይሻገርም። የይትባረክ መስመር እስከዚያ ብቻ ነው የሚቆየው።

ሰማሁ። እንደፈራሁት አላመመኝም።

«አዲሱ ላይ አንድ ባዶ ቦታ አለ» አለች። «ሲከለክል ለሰውየው የሚታይ አጭር ጽሑፍ። አሥራ አንድ ዩኒየን አይቻለሁ፤ ሁሉም ባዶ ትተውታል። እናንተ ምን ይጻፍ?»

የይትባረክን መስመር እንዳለ ልሰጣት አፌን ከፈትሁ። ነገር ግን «ገና አላየሁትም» የሚለው የእሱ ቃል ነው፤ ከእንግዲህ የሚያየው እሱ አይደለም። አማቴ ጥግ ላይ ተቀምጠው መቁጠሪያቸውን እየቆጠሩ ያዩኛል። ወረቀት ሳብሁና ጻፍሁ፦ «ይህን ዕቃ እኔ ሳላየው አይገባም። አምጡልኝ። ሸጊቱ፣ ክፍል 4።»

ፀደንያ ፊደሎቹን ቆጠረች። «ይበቃል። በሪፖርቴ ላይ ደግሞ መደቡ እዚሁ ይቆይ ብዬ እጽፋለሁ። ሰው ከሌለ እዚህ ላይ የማን ስም ሊጻፍ ነው?»

«ስለ መሸንቲውስ?»

«እሱንም እጽፋለሁ።»

«ጻፊው» አልኋት።

የቀሩትን ሠላሳ ኮምፒውተሮች አብረን አስተካከልን። እስከ አሥር ሰዓት ፈጀብን። እሷ አንዱን ስትሠራ እኔ ሁለተኛውን እሠራለሁ፤ ስሳሳት በክርኗ ትነካኛለች። አማቴ የመጨረሻዋን ጀልባ እስኪሳፈሩ ድረስ ከክፍል ክፍል እየተከተሉን፣ ፍላሽ ሰክተን ስንሞክር እያንዳንዱ ስክሪን ላይ የሚወጣውን የልጃቸውን መስመር አንብበው ነው የሄዱት። ሠላሳ አንድ ጊዜ ማለት ነው።

አዲሱ ፕሮግራም መጋቢት 11 ቀን ተጫነ። በሪፖርቱ ውስጥ የመሸንቲው ስሕተት በሁለት መስመር ተጽፏል። መደቡ በስሜ የጸደቀበት ደብዳቤ ሚያዝያ ላይ ደረሰኝ። ከፋሲካ በኋላ ከቆላ ድባ ዩኒየን ሁለት ሴቶች መጥተው ለአሥር ቀን ከእኔ ዘንድ ሥራውን ተምረው ሄዱ።